«ጨዋ» ስንል የትኛውን ነው? የቃሉ ተቃራኒ ፍቺዎችና አጠቃቀም

ጣፎ ዳር፦
ከለገጣፎ እስከ ኮዬ ፈጬ በየመብራት ምሰሶው የሚለጠፈው የኪራይ ማስታወቂያ «ለጨዋ ተከራይ» ይላል። ሽማግሌ የልጅ ጥያቄ ይዞ ሲሄድ «ከጨዋ ቤተሰብ» ብሎ ይነሣል። ይኸው ቃል ከቤተ ክህነት ሰው አፍ ሲወጣ ግን ያልተማረ፣ ክህነት የሌለው ማለት ይሆናል። ስለ ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ዘመን የሚያወሩ የታሪክ መጻሕፍት ደግሞ «ጨዋ» የሚሉት የጦር ጭፍራን ነው። ግእዝ የሚያውቁት ሥሩ ምርኮኛ ማለት ነው ይላሉ። ምርኮኛና ነጻ ሰው፣ ያልተማረና የታረመ በአንድ ቃል ውስጥ እንዴት አብረው አደሩ?

የምጠይቀው ሁለት ነገር ነው። በቆየ ወረቀት ላይ ቃሉን ስናገኝ የትኛው ፍቺ እንደሆነ በምን እንለየው? ዛሬስ በማስታወቂያ፣ በምስክርነት ደብዳቤና በውል ስንጽፈው አንባቢው ያሰብነውን እንዲረዳ ምን እናድርግ?

ዘሰንዳፋ፦
«ጨዋ» ብቻውን ቆሞ አይፈታም፤ የሚፈታው ከጎኑ በቆመው ተቃራኒ ነው። ስለዚህ ዐረፍተ ነገሩን ያንብቡና «ጨዋ ነው እንጂ … አይደለም» በሚለው ክፍት ቦታ ምን እንደሚገባ ይሞክሩ።

የሚገባው ካህን፣ ዲያቆን፣ ደብተራ ወይም መሪጌታ ከሆነ ጨዋ ማለት ክህነትም የቤተ ክርስቲያን ትምህርትም የሌለው ሰው ነው። የሚገባው ባሪያ ከሆነ ነጻ ተወላጅ ማለት ነው። ባለጌ፣ ስድ ወይም ዋልጌ ከሆነ ምግባሩ የታረመ ማለት ነው። ባላገር ወይም ገባር ከሆነና ጽሑፉም ስለ ንጉሥ ሠራዊት የሚያወራ ከሆነ ጭፍራ ነው።

በአብነት ትምህርት ቤት አካባቢ «ቅኔ አልቆጠረም፣ ጨዋ ነው» ሲባል ነቀፋ የለበትም፤ የሰውየው የትምህርት ደረጃ ተነገረ እንጂ ጠባዩ አልተመዘነም። ያ ሰው የደብሩ ትልቁ ባለ ሀብትና የሰበካ ጉባኤው አባል ሊሆን ይችላል። ብዙ ጊዜ የሚያሳስተው ይህ ነው፤ ምእመኑ ተመሰገንኩ ብሎ ይሰማዋል፣ ተናጋሪው ግን «ግእዙን አይሰማም፣ ተርጉሙለት» ማለቱ ነው። ዛሬ በስብከትና በደብዳቤ «ምእመን» የሚለው ቃል ቦታውን ስለ ወሰደው ይህ ፍቺ በከተማ እየተረሳ ነው። በሊቃውንት ንግግር ግን አለ።

ባለ ሱቁ፦
እኔ የማውቀው ጨዋ ከጨው የመጣ ነው። ጨው የሌለው ወጥ እንደማይጥም ሁሉ ጠባይ የሌለው ሰውም አይጥምም፤ ጨዋ ማለት ጨው ያለው፣ የሚጥም ሰው ነው።

ፊደል ቆጣሪ፦
ባለ ሱቁ፣ ይህ አተረጓጎም በብዛት ይነገራል፣ ለስብከትም ይመቻል። ግን የቃሉ የትውልድ መንገድ በዚያ አያልፍም። የሁለቱ ድምፅ የተቀራረበበት ምክንያት አለ፤ በግእዝ ሁለቱም በኃምሱ «ፄ» ነው የሚጀምሩት። ጨው በግእዝ ፄው ነው። ጨዋ ደግሞ ፄዋ ነው። በአማርኛ ሁለቱም ላይ «ፄ» ወደ «ጨ» ዞረ። በአንድ መንገድ ተጓዙ እንጂ አንዱ ሌላውን አልወለደም።

የፄዋ ግሱ ፄወወ ነው፤ ማረከ ማለት ነው። ፄዋ ምርኮ፣ የተማረከ ሕዝብ ነው። በዳዊት መዝሙር «ምርኮን ማረክህ» የሚለው በግእዙ ከዚሁ ግስ የወጣ ነው፤ ዳዊት የደገመ ሁሉ ያውቀዋል።

ለሚፈልግ ሰው የሚጠቅም ነገር ልጨምር። ጸሐፍት ጸሎቱን ጸና ፀሐዩን ፀ እያቀላቀሉ ስለሚጽፉ ቃሉ ፄዋ ተብሎም ጼዋ ተብሎም ይገኛል። መዝገበ ቃላት ሲገልጡ ወይም በኮምፒውተር ሲፈልጉ ሁለቱንም ይሞክሩ፣ አማርኛውን ደግሞ በ«ጨ» ለይተው ይፈልጉ። በአንዱ ብቻ የፈለገ ሰው ግማሹን ሳያገኝ ይቀራል።

ባለ ሱቁ፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ታዲያ ጨዋታስ? እሱም ከዚህ ነው?

ፊደል ቆጣሪ፦
አይደለም። ጨዋታ ከ«ተጫወተ» ነው፣ «ተ» በሥሩ ውስጥ አለች። ጨዋ ውስጥ «ተ» የለችም፤ በዛሬው አማርኛ የራሱ ግስም የለውም። «ጨዋ ሆነ» ወይም «ጨዋነት አሳየ» እንላለን እንጂ በአንድ ቃል የምንለው ግስ የለንም። ተቃራኒው ግን ግስ አለው፤ ባለገ፣ ይባልጋል፣ ብልግና።

ጃን ሜዳ ማዶ፦
ከምርኮኛ ወደ ጨዋ ሰው ያደረሰውን የታሪክ ደረጃ እኔ ላስቀምጥ።

የመካከለኛው ዘመን ነገሥታት በዘመቻ የማረኳቸውን ሰዎች በጭፍራ አደራጅተው ለዘውዱ ብቻ እንዲታዘዙ ያደርጓቸው ነበር። ከአካባቢው መኳንንት ጋር ዝምድና የሌለው ወታደር ለንጉሥ ይታመናል የሚል ሐሳብ ነው። በዜና መዋዕሉ እነዚህ ጭፍሮች ጼዋ ይባላሉ። ዐፄ ዐምደ ጽዮን (1314–1344 እ.ኤ.አ.) ግዛቱን ካሰፋ በኋላ፣ ይልቁንም በዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ጊዜ (1434–1468 እ.ኤ.አ.)፣ ደዋሮንና ባሌን በመሳሰሉ የጠረፍ አገሮች ጭፍሮች እንዲሰፍሩ ተደረገ። እያንዳንዱ ጭፍራ ስም ነበረው። አንዱ ጃን አሞራ ነው፣ ስሙ ዛሬም በስሜን የወረዳ ስም ሆኖ ይኖራል። «ጃን» የንጉሥነት ቃል ነው፤ በጃንሆይም በጃን ሜዳም ውስጥ ያለው እሱው ነው።

ጭፍራው ቀለቡን የሚያገኘው ከሰፈረበት መሬት ነበር። ልጁም በአባቱ ቦታ ይተካል። ቆይቶ ደግሞ ከምርኮኛ ያልተወለደም በጭፍራው ውስጥ ገባ። መሣሪያና መሬት ያለው፣ ለንጉሥ ካልሆነ ለማንም የማያጎነብስ ሰው በአገሩ ሰው ዓይን ባለ ክብር ነው። በዚህ መንገድ ስሙ ከመማረክ ተለየና ደረጃ ሆነ፤ የንጉሥ ወታደር፣ ከዚያ ባለ መሬት፣ ከዚያ ነጻና ጥሩ ተወላጅ፣ በመጨረሻ የጥሩ ተወላጅ ጠባይ ያለው።

ያልተማረ የሚለውም ፍቺ በእኔ አስተያየት ከዚሁ ግንድ የወጣ ነው። በመጽሐፍ የሚኖር ካህን አለ፣ በጦር የሚኖር ጨዋ አለ። ካህን ያልሆነ ሁሉ ጨዋ ተባለ፤ ጨዋው ደግሞ ፊደል መቁጠር ሥራው ስላልነበረ ቃሉ ያልተማረ ወደሚለው አዘነበለ። ፍቺዎቹ ተቃራኒ የሚመስሉት መጨረሻቸውን ብቻ ስለምናይ ነው።

አንድ ነገር ልብ ይባል። ነጻና ባሪያ የሚለው ክፍፍል ባርነት በ1934 ዓ.ም. በአዋጅ ከተሻረ በኋላ ሕጋዊ መሠረት የለውም። በቆየ ጽሑፍ ላይ ስናገኘው እንደነበረ እንፈታዋለን፤ ዛሬ ሰውን በዚያ መለየት ግን ነውር ነው።

እትዬ መምህርት፦
ሁሉም ጥሩ ብለዋል። እኔ ስለ «የ» ልናገር፣ ተማሪዎች እዚህ ላይ ይወድቃሉና።

«ጨዋ ልጅ» የልጁን ጠባይ ይናገራል። «የጨዋ ልጅ» የወላጆቹን ማንነት ይናገራል። ሁለቱ አንድ ላይ ሊሄዱ ይችላሉ፣ ላይሄዱም ይችላሉ፤ «የጨዋ ልጅ ሆኖ እንዴት እንዲህ ይናገራል?» የሚለው ወቀሳ የቆመው በዚህ ልዩነት ላይ ነው። «ጨዋ ልጅ ሆኖ እንዴት እንዲህ ይናገራል?» ቢባል ግን ወቀሳው ይላላል፤ ዛሬ ምን ነካው የሚል መገረም ብቻ ይሆናል። «የጨዋ ደንብ» ደግሞ ከግለሰቡም ከቤተሰቡም ወጥቶ የአካሄድ ስም ነው። «በጨዋ ደንብ ሽማግሌ ላከ» ሲባል ሰውየው ጠባዩ ምንም ይሁን ምን ሥርዓቱን ጠብቋል ማለት ነው።

ቃሉ ለወንድም ለሴትም አይለወጥም፤ ጨዋ ወንድ፣ ጨዋ ሴት። ሲታወቅ ብቻ ጨዋው፣ ጨዋዋ ይሆናል። ለብዙ ቁጥር «ጨዋዎች» ከማለት «ጨዋ ሰዎች» ማለት ይቀላል። በቤተ ክህነት ፍቺ ግን ነጠላው እንደ ጅምላ ስም ይሠራል፤ «ካህኑም ጨዋውም ተሰበሰበ» ይባላል። ግሱ ነጠላ ሆኖ ሰዎቹ ብዙ ከሆኑ ያ ራሱ ምልክት ነው፤ የጠባይ ፍቺ በዚህ መልክ አይመጣም።

ከ«ሥነ ምግባር» ጋርም አይቀላቀል። ሥነ ምግባር የተጻፈ ደንብ ሊኖረው ይችላል፤ የሐኪም፣ የዳኛ፣ የጋዜጠኛ ሥነ ምግባር እንላለን። ጨዋነት ያልተጻፈውን ነው የሚይዘው። «ስፖርታዊ ጨዋነት» የሚለው አባባል የተዋጣው ለዚህ ነው፤ ዳኛው ፊሽካ የማይነፋበትን ነገር ጭምር ይሸፍናል፤ የወደቀን ተጫዋች ማንሣት፣ ተጋጣሚው ተጎድቶ ሲተኛ ኳሱን ወደ ውጭ ማውጣት።

የገላን ውል ጸሐፊ፦
ወደ ኪራዩ ልምጣ። «ጨዋ ተከራይ» ብሎ የሚለጥፍ አከራይ ብዙ ጊዜ ከአራት ነገር አንዱን ማለቱ ነው፤ ሌሊት የማይረብሽ፣ እንግዳ የማያበዛ፣ ኪራይ በቀኑ የሚከፍል ወይም ጠጥቶ የማይገባ። አንባቢው ግን የትኛው እንደሆነ አያውቅም። ወንደላጤው «እኔን አይደለም» ብሎ ያልፋል፣ አከራዩ ግን የፈለገው በወቅቱ የሚከፍል ሰው ብቻ ሊሆን ይችላል። በተቃራኒው ማንም ሰው ራሱን ጨዋ አይደለሁም ስለማይል ቃሉ የማይፈለገውን ሰው አያስቀርም። ማስታወቂያው ሁለት ጊዜ ይከስራል።

መፍትሔው ጠባዩን ትቶ ነገሩን መጻፍ ነው። በከተማው ዳር ባሉ ግቢዎች ጠብ የሚነሣባቸው ነገሮች ይታወቃሉ፤ የጋራ ቆጣሪ፣ የኤሌክትሪክ ምጣድ፣ የውኃ ተራ፣ የበር ሰዓት፣ የሚያድር እንግዳ። ስለዚህ እንዲህ ይጻፍ፦

«ገላን፣ በግቢ ውስጥ ባለ 1 ክፍል ሰርቪስ ቤት፣ ለ2 ሰው። በር ከምሽቱ 4 ሰዓት ይዘጋል። ቆጣሪ የጋራ ነው፣ የካርድ ሒሳብ በሰው ቁጥር ይካፈላል። እንጀራ የሚጋገረው ቅዳሜ ነው። ኪራይ ወር በገባ እስከ 5ኛው ቀን።»

ማስታወቂያው ብዙም አልረዘመም፣ ጨዋ የሚለውም አላስፈለገም።

በውል ላይ ደግሞ ጨርሶ አይግባ። «ተከራይ በጨዋነት ይኖራል» የሚል አንቀጽ ሲጣሱት የሚለካ ነገር የለውም፤ አንዱ ጨዋነት ያጓድላል ያለውን ሌላው አያጓድልም ይላል። አዋጅ ቁጥር 1320/2016 የመኖሪያ ቤት ኪራይ ውል በጽሑፍ እንዲሆን ያዛል፣ ዘመኑ ከ2 ዓመት እንዳያንስና ቅድመ ክፍያውም ከ2 ወር ኪራይ እንዳይበልጥ ይላል። ለ2 ዓመት የሚዘልቅ ወረቀት ላይ ሰዓት፣ ቁጥርና ቀን እንጂ የጠባይ ስም አይጻፍም።

ሰበታ መንገድ፦
የውል ጸሐፊው ያሉት ለምስክርነት ደብዳቤም ይሠራል። ለቤት ሠራተኛ የሚጻፈው «ጨዋ ናት» የሚል ወረቀት ትልቅ ችግር አለበት። ለወንድ «ጨዋ» ሲባል አንደበቱና አቀራረቡ ይታሰባል። ለሴት ሲባል ግን አንባቢው ወዲያው ወደ ግል ሕይወቷ ይሄዳል። አሠሪ ስለ ሠራተኛው የግል ሕይወት መመስከር አይገባውም፤ መልካም አስቦ የጻፈው ቃል ያላሰበውን ጥያቄ ይከፍታል፣ በሌላዋ ወረቀት ላይ ቃሉ ባይኖር ደግሞ ጎደላት ያሰኛል።

በምትኩ የሠራችው ይጻፍ፤ ከመቼ እስከ መቼ እንደሠራች፣ ሕፃን ወይስ አዛውንት እንደያዘች፣ የቤት ቁልፍና የአስቤዛ ገንዘብ ተሰጥቷት በአግባቡ እንዳስረከበች፣ ለምን እንደለቀቀች። «የቤት ቁልፍ በእጇ ነበር» የሚለው አንድ መስመር ታማኝነቷን ከማንኛውም ቅጽል የበለጠ ይናገራል።

እትዬ መምህርት፦
እኅቴ፣ በትክክል ብለሻል። ከዚሁ ጋር የሚምታቱትን ጎረቤት ቃላትም መለየት ያስፈልጋል። ጭምት ብዙ የማይናገር ነው፤ ጭምት ሆኖ ጨዋ ያልሆነ አለ፣ ተጫዋች ሆኖ ፍጹም ጨዋ የሆነም አለ። ሰው ዝምተኛውን ልጅ ሁሉ ጨዋ እያለ ተጫዋቹን ይበድላል። ትሑት ራሱን ዝቅ የሚያደርግ ነው። ገራም የማያስቸግር ነው፣ ለከብትም ይሆናል።

የዋህ ግን እንደ ጨዋ ሁለት ፊት አለው። በመጽሐፍ ቅዱስ «የዋህና ትሑት» ከፍ ያለ ምስጋና ነው። በገበያ «የዋህ ናት፣ ያታልሏታል» ሲባል ወደ ሞኝነት ይጠጋል። መለያው ቀጥሎ የሚመጣው ነው፤ በጎ ቅጽል ከተከተለው ምስጋና፣ ማታለል ወይም መበደል ከተከተለው ስጋት።

ዘሰንዳፋ፦
መሃይምም ከዚሁ ወገን ነው፣ ጉዞው ግን ወደ ታች ነው። በግእዝ መሃይምን ያመነ፣ የታመነ ማለት ነው፣ ከሃይማኖት ጋር አንድ ሥር አለው። አማኝ ሆኖ ካህን ያልሆነው መሃይምን ተባለ፣ ከዚያ ያልተማረው፣ ከዚያ «ን» ወድቃ መሃይም ስድብ ሆነ። ጨዋም በዚያው ጣቢያ፣ ክህነት የሌለው በሚለው፣ አልፏል። ልዩነቱ ጨዋ የትውልድ ክብር የሚል ሌላ ፍቺ ስለነበረው በዚያ ተደግፎ ተረፈ፤ መሃይም ግን መደገፊያ አጣ።

አያት አደባባይ፦
የከተማውን አማርኛም አትርሱት። አራዳ መጀመሪያ የቦታ ስም ነው፣ በጊዮርጊስ አጠገብ የነበረው የድሮው ገበያ ሰፈር። ከዚያ የሰፈሩ ሰው ብልህነት ስም ሆነ። «አራዳ ነው» ነገር የገባው፣ ከሰው ጋር መኖር የሚያውቅ ማለት ይሆናል፤ ተንኮለኛ ነው፣ ተጠንቀቅ ማለትም ይሆናል። ከፋራ ጋር ከተነጻጸረ ምስጋና ነው፣ ከታማኝ ጋር ከተነጻጸረ ማስጠንቀቂያ ነው። ዘሰንዳፋ ያሉት ዘዴ እዚህም ይሠራል።

ቀውጢም እንዲሁ። «ቀውጢ ጊዜ» የጭንቅ ጊዜ ነው፣ «ቀውጢ ሰርግ» የደመቀ ሰርግ ነው። በጋዜጣ አማርኛ የመጀመሪያው ብቻ ይጻፍ፤ ሁለተኛው በንግግር ብቻ ይቆይ።

ጣፎ ዳር፦
ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። የኪራዩና የደብዳቤው ነገር ተመልሶልኛል። የቀረኝ የቆየው ወረቀት ነው። በመሬት ክርክር ላይ በሚቀርብ አሮጌ የምስክር ዝርዝር «ከካህናት እገሌና እገሌ፣ ከጨዋ እገሌና እገሌ» የሚል አጻጻፍ ካለ ክህነት የሌለው የሚለው ይሆናል ብዬ ገመትኩ። ግን እነዚያ ሰዎች ወታደርም ቢሆኑስ?

ጃን ሜዳ ማዶ፦
ግምትዎ ትክክል ነው፣ ግን በቅደም ተከተል ያረጋግጡት። መጀመሪያ ዘመኑን ይዩ፤ የንጉሥ ስም፣ ዓመተ ምሕረት ወይም የወንጌላዊ ዘመን ተጽፎ እንደሆነ ይፈልጉ። ጽሑፉ በግእዝ ከሆነና የጦር ጉዳይ ካነሣ ጭፍራ የመሆን ዕድሉ ይሰፋል። በአማርኛ ተጽፎ መሬት ወይም ውርስ ካነሣ ይጠብባል።

ቀጥሎ ስሞቹን ይዩ። በጨዋ ሥር ከተዘረዘሩት ፊት እንደ ባላምባራስ፣ ፊታውራሪ ወይም ግራዝማች ያለ የጦር ማዕረግ ካለ ሰዎቹ ወታደር ናቸው፤ ቢሆንም ቃሉ በዚያ ዝርዝር ውስጥ የሚለው ካህናት አለመሆናቸውን ብቻ ነው። ወታደርነታቸውን ከማዕረጉ ይወስዱታል እንጂ ከ«ጨዋ» አይወስዱትም። ብዙ ሰው እዚህ ላይ አንዱን ማስረጃ ሁለት ጊዜ ይቆጥራል።

በካህናቱ ወገን ደግሞ ቄስ፣ መሪጌታ፣ አለቃ የሚሉት ማዕረጎች ሁሉም ላይ ካሉ ክፍፍሉ ጸንቷል ማለት ነው። ማዕረግ የሌለው ስም በካህናቱ መካከል ከገባ ገልባጩ መስመር አሳስቶ ሊሆን ስለሚችል ዋናውን ቅጂ ይጠይቁ።

ፊደል ቆጣሪ፦
አንድ ነገር ብቻ ልጨምር። ወረቀቱን ገልብጠው ወይም ወደ ዛሬ አማርኛ መልሰው ለሌላ ሰው የሚሰጡ ከሆነ «ጨዋ» የሚለውን አይተኩት። «ምእመን» ቢሉ የዛሬውን አጠቃቀም ያስገባሉ፣ «ያልተማረ» ቢሉ ምስክሩን ያሳንሳሉ፣ «ባለ ክብር» ቢሉ ያልተጻፈ ይጨምራሉ። ቃሉን እንዳለ ይተዉትና ከገጹ ግርጌ «በዚህ ቦታ ክህነት የሌለው ማለት ነው» ብለው ይጻፉ። ከሁለት ፍቺ አንዱን መምረጥ ካልተቻለ ሁለቱንም በግርጌው ያስፍሩ፣ የትኛው እንደሚያመዝንና ያመዘነበትንም ምክንያት በአንድ መስመር ያክሉ። ፊደሉንም አያቅኑ፤ በ«ጼ» የተጻፈውን በ«ጨ» ከለወጡት የዘመኑን ምልክት በእጅዎ ፋቁት ማለት ነው።